ይሄ የቃሊቲ ነው ወይስ የአያት?

የአዲስ አበባ ቀላል ባቡር 39 ጣቢያዎች አሉት። ከእነዚህ ውስጥ አምስቱ፣ ማለትም ስታዲየም፣ ለገሃር፣ ሜክሲኮ፣ ተግባረ ዕድና ልደታ፣ የሁለቱም መስመሮች ባቡሮች የሚቆሙባቸው የጋራ ጣቢያዎች ናቸው። በአያትና በጦር ኃይሎች መካከል የሚመላለሰው አረንጓዴው ባቡርና በቃሊቲና በምኒልክ አደባባይ መካከል የሚመላለሰው ሰማያዊው ባቡር፣ በእነዚህ ጣቢያዎች በኩል ያለውን ሦስት ኪሎ ሜትር የማይሞላ መንገድ በአንድ ሀዲድ ላይ ተጋርተው ያልፋሉ። ልደታ ሲደርሱ አንዱ ወደ ምዕራብ፣ ሌላው ወደ መርካቶ ያቀናል፤ በስታዲየም በኩል ደግሞ አረንጓዴው በእስጢፋኖስ አድርጎ ወደ ምሥራቅ፣ ሰማያዊው በመሿለኪያ አድርጎ ወደ ደቡብ ይሄዳል። ስለዚህ ከሜክሲኮ አቅጣጫ ለሚመጣ ተሳፋሪ ስታዲየም የመጨረሻው መለያያ ነው። ከዚያ ካለፈ በኋላ መሳሳቱ የሚገባው ያላሰበው ሰፈር ሲደርስ ነው።

ቤቴ ጉርድ ሾላ፣ ሥራዬ ደግሞ ላንቻ አካባቢ በመሆኑ ጠዋት በስታዲየም ከአረንጓዴው ወርጄ ወደ ሰማያዊው፣ ማታም ከሰማያዊው ወርጄ ወደ አረንጓዴው መቀየር የኑሮዬ አካል ሆኗል። ከመንገዱ በላይ ከፍ ብሎ በተሠራው በዚያ መሳፈሪያ ላይ ቆሜ ከምንም ነገር አብልጬ የሰማሁት አንድ ጥያቄ ነው፤ «ይሄ የቃሊቲ ነው ወይስ የአያት?» የሚለው። ጥያቄው አጠገብ ለቆመ ለማንኛውም ሰው ይቀርባል፤ መልሱም ያለ ማመንታት ይሰጣል። ስለ ባቡራችን ብዙ ተብሏል፤ አንዱ የአገር ኩራት ነው ይላል፣ ሌላው ዕዳውና ብልሽቱ ብቻ ይታየዋል። እኔ ደግሞ ይህንን ጣቢያ በየዕለቱ የሚያስኬደው ትልቁ ነገር ይህ እርስ በርስ የመጠያየቅ ልማድ ነው ብዬ አምናለሁ፤ ዋጋ የሚሰጠው ሰው ብዙም ስላላየሁ እንደ አቅሜ ልጽፍለት ወደድሁ።

ባቡሮቹ በቀለማቸው ይለያሉ። የዘወትር ተሳፋሪ ባቡሩ ከለገሃር በኩል ብቅ ሲል ቀለሙን ከሩቅ አይቶ ወይ ወደ ፊት ይጠጋል፣ ወይ ባለበት ይቆያል። ለእንግዳ ሰው ግን ቀለሙ ጌጥ ነው፤ ትርጉም እንዳለው የሚነግረው ሌላ ሰው ያስፈልገዋል። ከባቡሩ ግንባር ላይ የሚታየውን ጽሑፍ ፈጥኖ ለማንበብ ዓይኑ የማይረዳው ሽማግሌ አለ፣ ፊደል ያልቆጠረች እናት አለች፣ ማንበብ እየቻለ የሰው ትከሻ የጋረደው አለ። ለእነዚህ ሁሉ «አረንጓዴው አያት፣ ሰማያዊው ቃሊቲ» የምትለዋ አጭር ትምህርት ከአፍ ወደ አፍ ትተላለፋለች። አንዲት እናት የልጃቸውን እጅ ይዘው ባቡር ባለፈ ቁጥር «ይሄስ?» እያሉ ሲያስጠኑት ሰምቻለሁ። ልጁ ሦስተኛው ላይ ከእናቱ ቀድሞ መለሰ።

ጥያቄው ሁልጊዜ በአማርኛ አይመጣም። ሰማያዊው መስመር ወደ ሳሪስና ወደ ቃሊቲ የሚወርድ እንደ መሆኑ ከከተማው ደቡብ ዳርቻ የሚመጡ ብዙ ሰዎች ይጠቀሙበታል፤ በኦሮምኛ «ቃሊቲ ዴማ?» ሲባል ኦሮምኛ የማይናገረውም ሰው «ኤዬ» ብሎ ይመልሳል፤ ይህችን ታህል ቃል መሳፈሪያው ላይ ቆሞ ይማራታል። በጉራጌኛ የሚጀመርና በአማርኛ የሚያልቅ ንግግርም የተለመደ ነው። በመርካቶ በኩል ካሉት ጣቢያዎች፣ ከአውቶቡስ ተራና ከሰባተኛ፣ ዕቃ ጭነው የሚመለሱ ነጋዴዎች እርስ በርስ የሚነጋገሩበት ቋንቋ ሌላ፣ ባቡር የሚጠይቁበት ሌላ ነው።

ከእነዚህ ሁሉ ጥያቄዎች አንዷ ከአእምሮዬ አልወጣችም። በአንድ የሥራ ቀን ጠዋት፣ ሕዝቡ በሚበዛበት ሰዓት፣ ነጠላቸውን ያጣፉ በዕድሜ የገፉ እናት የራጅ ፎቶ የሚያዝበትን ትልቅ ፖስታና አንድ ፌስታል ይዘው ዩኒፎርም ወደ ለበሰ የሁለተኛ ደረጃ ተማሪ ቀረቡ።

«ልጄ፣ ይሄ ጦር ኃይሎች ያደርሰኛል?»

«አይ እማማ፣ እዚህ የሚቆመው ወደ አያት የሚሄደው ነው። የጦር ኃይሎቹን የሚይዙት ከማዶ ነው።»

«ከማዶ በየት በኩል አድርጌ?»

«ደረጃውን ወርደው በዚያኛው በኩል ይወጣሉ።»

እናት ደረጃውን አዩት። ደረጃው ረጅም ነው፤ የወጡትም አሁን ገና ነበር። ልጁ ወደ ለገሃር በኩል ቀና ብሎ ሲያይ የሚጠብቀው አረንጓዴ ባቡር እየመጣ ነው። ቦርሳውን በሌላኛው ትከሻው አዛወረና «ይስጡኝ» ብሎ ፖስታውንና ፌስታሉን ተቀበላቸው። «አይ፣ ትምህርትህ ይረፍድብሃል፤ በእጅህ አሳየኝና ሂድ» አሉት። «አይረፍድብኝም እማማ፤ ቀስ ብለው ይውረዱ፣ እይዝዎታለሁ» አላቸው። ባቡሩ መጥቶ ሄደ። እኔ የምጠብቀው ሰማያዊው ስላልመጣ ከጥቂት ደቂቃዎች በኋላ ሁለቱን በማዶው መሳፈሪያ ላይ አየኋቸው። ልጁ እዚያ ቆማ ለነበረች ሴት አንድ ነገር ነግሮ እናትን አስረከባቸው፤ ሴትዮዋም ራሷን በአዎንታ ነቀነቀች። «እደግ፣ ተመንደግ» ሲሉት ድምፃቸው ሀዲዱን ተሻግሮ ይሰማ ነበር። ልጁ እየሮጠ ተመለሰና ላቡን በእጅጌው ጠርጎ ቀጣዩን መጠበቅ ጀመረ። ከእኔ በቀር ልብ ብሎ ያየው ያለ አይመስለኝም፤ በዚያ ጣቢያ እንዲህ ያለው ነገር እንግዳ አይደለምና።

ሰዎች ማንን እንደሚጠይቁ ማስተዋልም ብዙ ያስተምራል። በጆሮው ማዳመጫ የሰካውን አይጠይቁም፤ የሚጣደፈውንም አይጠይቁም። ልጅ ያዘለችን፣ ዩኒፎርም የለበሰን፣ ወይም እጁን ወደ ኋላ አጣምሮ ረጋ ብሎ የቆመን አባት ይመርጣሉ። የተጠየቀው ሰው ከተሳሳተ ወዲያው የሚያርመው ሌላ ሰው ይገኛል፤ «ኧረ አይደለም ጋሼ፣ ይሄ የአያት ነው» ይባላል፤ አልፎ አልፎም ሦስትና አራት ሰው ገብቶበት ትንሽ ክርክር ይሆናል፤ ጠያቂው በመካከል ባቡሩ እንዳያመልጠው ይጨነቃል፤ በመጨረሻ ግን እውነተኛው መልስ ይገኛል። በሥራዬ ብዙ ቢሮዎች ገብቼ አውቃለሁ፤ አንድ ቀላል ጥያቄ እንዲህ ባለ ፍጥነትና እንዲህ ባለ ቅንነት የሚመለስበት ቢሮ ግን አላጋጠመኝም።

ሁለተኛው የጣቢያው ጥያቄ «ከሄደ ቆየ?» የሚለው ነው። ይህ ጥያቄ በመጀመሪያዎቹ ዓመታት እንደዚህ አይሰማም ነበር። ሰማያዊው መስመር መስከረም 9 ቀን 2008 ዓ.ም. ሥራ ሲጀምር፣ አረንጓዴውም ከጥቂት ሳምንታት በኋላ ሲከተል፣ ለሁለቱ መስመሮች የተገዙት ባቡሮች 41 ነበሩ፤ የሥራው ወጪ 475 ሚሊዮን ዶላር ሲሆን 85 በመቶው ከቻይና ኤግዚም ባንክ በብድር የተገኘ ነበር። ከዚያ ወዲህ ከባቡሮቹ ብዙዎቹ በመለዋወጫ እጥረት ከሥራ ውጭ ሆነዋል፤ መለዋወጫው የሚገዛው በውጭ ምንዛሪ መሆኑም ነገሩን አክብዶታል። ይህንን ማንኛውም የከተማው ነዋሪ ያውቃል። መሳፈሪያው ላይ የሚታየው ውጤቱ ግን ረጅም መጠበቅ ነው፤ ረጅም መጠበቅም የራሱን ዕውቀት ወልዷል።

«ከሄደ ቆየ?» ተብሎ የተጠየቀ ሰው በአዎንና በአይደለም ብቻ አይመልስም። «ሰማያዊው አሁን ነው የሄደው፤ ከሱ በፊት ሁለት አረንጓዴ አልፏል» ይላል። ጠያቂው ከዚህ ተነሥቶ ያሰላል። በአንድ አቅጣጫ ተከታትለው ሁለት ካለፉ ቀጣዩ ይዘገያል ብሎ ይገምታል፤ ወደ ማዶ ያለፉትን ቆጥሮ መቼ እንደሚመለሱ ያሰላል፤ ከዚያም ይወስናል፤ ወይ ይጠብቃል፣ ወይ ወደ ታክሲ ይወርዳል። ሲወርድም ለሌሎቹ ተናግሮ ይወርዳል፤ «እኔ እንጃ፣ የቃሊቲ ሰዎች በታክሲ ብንሞክር ይሻላል»። መብራት ሲቋረጥ፣ ባቡሩ የሚሄደው በኤሌክትሪክ ነውና፣ ይህ ስሌት ሁሉ ይፈርሳል፤ ሰዉ በስልኩ ወደ አያትና ወደ ሳሪስ እየደወለ ባቡር ያየ እንዳለ ይጠያየቃል።

በር ላይ የሚደረገውን መገፋፋት ልደብቀው አልፈልግም። ያሳዝነኛል። ብዙ ሰው በጠበቀ ቁጥር በሩ ሲከፈት የሚወርደውና የሚሳፈረው ፊት ለፊት ይጋጠማል፤ «መጀመሪያ ወራጅ ይውረድ!» የሚል ድምፅ ሳይቋረጥ ይሰማል፤ የሚሰማው ግን ጥቂት ነው። ለነፍሰ ጡሮች፣ ክራንች ለያዙ ሰዎችና ለዓይነ ስውራን በዚያ ሰዓት መሳፈር እንዲህ የዋዛ አይደለም። ኪስ አውላቂም በዚሁ ግርግር መካከል ነው የሚሠራው። የዘወትር ተሳፋሪዎች ቦርሳቸውን ደረታቸው ላይ የሚያደርጉት ለዚህ ነው፤ ያላወቀችም ካለች ከኋላዋ ያለው ሰው ቀስ ብሎ «እህት፣ ቦርሳሽን ወደ ፊት አድርጊው» ይላታል።

ከበሩ ወዲያ ግን ያው የገፋው ሰው ሌላ ሰው ይሆናል። ለእናቶችና ለአባቶች ከወንበር መነሣት አልቀረም፤ ወጣቱ ስልኩን እያየ ቢቀመጥም እንኳ አንድ ሰው ትከሻውን ነካ ሲያደርገው አፍሮ ይነሣል። የተቀመጠች ሴት ቆማ የምትሄደዋን እናት «አምጪው፣ ልያዝልሽ» ብላ ልጇን ጭኗ ላይ ታስቀምጣለች፤ ልጁም ሳያለቅስ ይቀመጣል፤ ስማቸውን ሳይጠያየቁ አንዷ መገናኛ፣ አንዷ ሲኤምሲ ይወርዳሉ። ከባድ ዕቃ የያዘ ሰውም ዕቃውን ለተቀመጠ ሰው አደራ ይሰጣል። የማያውቁትን ሰው ልጅ ታቅፎ አምስትና ስድስት ጣቢያ መሄድ እኛ ዘንድ ተራ ነገር መሆኑን ሳስብ ደስ ይለኛል፤ ከኑሮ ውድነትና ከከተማው ጥድፊያ ጋር ተያይዞ እንዳይጠፋም እሰጋለሁ።

የጣቢያውን ሕዝብ በቀን መቁጠሪያ መለየትም ይቻላል። በአረንጓዴው መስመር ላይ ከአያት ሲነሡ ቅዱስ ሚካኤል፣ ቅዱስ ዑራኤል፣ እስጢፋኖስና ልደታ በስማቸው የተጠሩ ጣቢያዎች አሏቸው። ስለዚህ ወር በገባ በ1 ልደታ፣ በ12 ሚካኤል፣ በ17 እስጢፋኖስ፣ በ22 ዑራኤል የሚሳለሙ ምእመናን ነጠላ ለብሰው ገና ሳይነጋ መሳፈሪያውን ይሞሉታል፤ በ5 ደግሞ ወደ ሳሪስ አቦ የሚሄዱት ሰማያዊውን ይጠብቃሉ። ዓርብ እኩለ ቀን ሲቃረብ ሰጋጃቸውን አጣጥፈው በብብታቸው የያዙ ሰዎች በመርካቶው አንዋር መስጊድ ለመስገድ በምኒልክ አደባባይ በኩል ያለውን አቅጣጫ ይይዛሉ። በእነዚህ ቀኖች ጥያቄውም ይለወጣል፤ «ዑራኤል የሚያወርደኝ ይሄ ነው?» የምትል እናትና «ሰባተኛ ነው ወይስ አውቶቡስ ተራ የሚሻለኝ?» የሚል አባት በአንድ መሳፈሪያ ላይ ጎን ለጎን ቆመው ከአንድ ሰው መልስ ያገኛሉ።

በሥራ ቀናት ማለዳ የሚሳፈሩት ደግሞ ለብቻቸው ታሪክ ናቸው። አካፋና መዶሻ በማዳበሪያ ከረጢት የጠቀለሉ የግንባታ ሠራተኞች ወደ ሲኤምሲና ወደ አያት፣ የፋብሪካ ሠራተኞች ወደ ሳሪስና ወደ ቃሊቲ ይሄዳሉ። ባቡሩ ሲጀምር ታሪፉ እንደ ርቀቱ 2፣ 4 እና 6 ብር ነበር፤ ኋላ ቢጨምርም ከታክሲ ያነሰ በመሆኑ እነዚህን ሰዎች ሁሉ የሰበሰበው እሱ ነው። ለቀን ሠራተኛ በታክሲና በባቡር መካከል ያለው ልዩነት ምሳ የመብላትና ያለመብላት ልዩነት ሊሆን ይችላል። የቆሙት ባቡሮች ጉዳይ ሲነሣ እኔ የማስበው እነሱን ነው፤ ብልሽቱን የሚከፍሉት በመጀመሪያ እነሱ ናቸውና።

ከመሳፈሪያው በታች፣ ሀዲዱን በተሸከመው ድልድይ ጥላ ሥር፣ ሌላ ኑሮ አለ። ሶፍት፣ ማስቲካና ቆሎ የሚሸጡ ልጆች፣ ሊስትሮዎች፣ ካልሲ በሸራ ላይ የዘረጉ ወጣቶች ይገኛሉ። ደንብ አስከባሪ ሲመጣ ሸራው በአራት ጫፉ ተይዞ በአንድ ቅጽበት ተጠቅልሎ ይነሣል፤ ሲሄዱ ይዘረጋል። በክረምት ዝናቡ ሲወርድ እግረኛው ሁሉ እዚያ ይጠለላል፤ ሻጩም፣ ገዢውም፣ ደንብ አስከባሪውም በአንድ ምሰሶ ሥር ይቆማሉ። ትኬት የሚሸጥበትን ቦታ ላላገኘ ሰው የሚጠቁሙትም እነዚሁ ሻጮች ናቸው፤ ይህንን ሁሉ መንገድ ሲያሳዩ የሚከፍላቸው የለም።

የጣቢያዎቹ ስሞች ራሳቸው ለእንግዳ ሰው ግራ የሚያጋቡበት ጊዜ አለ። በሰማያዊው መስመር ላይ አትክልት ተራ የሚባል ጣቢያ አለ፤ ገበያው ግን በ2012 ዓ.ም. በኮሮና ምክንያት ወደ ጃንሜዳ ተዛውሮ ከዚያ ወዲህ ወደ ቦታው አልተመለሰም። ቲማቲምና ሽንኩርት በጅምላ ሊገዛ የመጣ ሰው የጣቢያውን ስም አምኖ ቢሳፈር ገበያ አያገኝም። መሳፈሪያው ላይ የሚጠይቀው ሰው ካገኘ ግን «ስሙ ነው የቀረው ወንድሜ» ተብሎ ይድናል።

ከስታዲየም ቀጥሎ ያለው ለገሃርም እንዲሁ ነው። ከጅቡቲ የተነሣው የምድር ባቡር እ.ኤ.አ. በ1902 ድሬዳዋ፣ በ1917 ደግሞ አዲስ አበባ ደረሰ፤ በ1929 የተመረቀው የጣቢያው ሕንፃ ከነፊቱ ዛሬም አለ፤ ከፊት ለፊቱም ፋሺስቶች ወደ ሮም ወስደውት የነበረውና በ1960ዎቹ የተመለሰው የይሁዳ አንበሳ ሐውልት ቆሟል። በዚያ ዘመን መስመሩ አንድ ብቻ ስለነበር ባቡሩ ወዴት እንደሚሄድ መጠየቅ አያስፈልግም ነበር፤ የሚጠየቀው መቼ እንደሚነሣ ነበር። አሁን ወደ ድሬዳዋና ወደ ጅቡቲ የሚሄደው አዲሱ ባቡር የሚነሣው ከከተማው ዳር፣ ከፉሪ ለቡ ነው። ይሁን እንጂ ሻንጣቸውን እየጎተቱ ቀላል ባቡሩ መሳፈሪያ ላይ የሚወጡ አዛውንቶችን አልፎ አልፎ አያለሁ። አንድ አባት «የድሬዳዋው ባቡር እዚህ ይቆማል?» ብለው ሲጠይቁ አጠገባቸው የነበረው ወጣት «አይ አባባ፣ የሱ ጣቢያ ለቡ ነው፤ ከዚህ ታክሲ ነው የሚይዙት» አላቸው። ሰውየው አንገታቸውን አዙረው ወደ ለገሃር በኩል አዩና «እኛ የምናውቀው እዚያ ነበር» አሉ። ወጣቱ አልተጣደፈም፤ ስለ ድሬዳዋ፣ ስለ አዋሽ ማደሪያ፣ በየጣቢያው መስኮት ላይ ስለሚሸጠው ብርቱካን ሲነግሩት ቆሞ ሰማቸው፤ ከዚያም ሻንጣውን አወረደላቸው።

ስታዲየም ከመስቀል አደባባይ አጠገብ በመሆኑ በደመራ፣ በኢሬቻና በታላቁ ሩጫ ቀናት የተለመደው ሥርዓት ሁሉ ይቀየራል፤ መንገዱ ይዘጋል፣ ሕዝቡ በእግሩ ይሄዳል፣ ጥያቄውም «ዛሬ ባቡር አለ?» የሚል ብቻ ይሆናል። ስለ እነዚህ ቀናት ሌሎች በደንብ ስለጻፉ አላስረዝምም።

አንድ ነገር ግን እጠይቃለሁ፤ በሁለቱም ወገን ባሉት መሳፈሪያዎች ላይ፣ ሰው ተጨናንቆ ሲቆም እንኳ ከራስ በላይ በሚታይ ከፍታ፣ በትልልቅ ፊደል በአማርኛና በኦሮምኛ፣ ቀለሙንና መድረሻውን አጣምሮ የሚያሳይ ሰሌዳ ይደረግ፤ ለዓይነ ስውራንም ባቡሩ ሲቃረብ የየትኛው መስመር እንደሆነ በድምፅ ማጉያ ይነገር። ይህ እንደ መለዋወጫው ብዙ የውጭ ምንዛሪ የሚጠይቅ ነገር አይመስለኝም። እስከዚያው ድረስ ለስታዲየም እንግዳ የሆናችሁ፣ ለመጠየቅ አትፈሩ። ቦርሳውን ደረቱ ላይ አድርጎ ወደ ለገሃር በኩል የሚያየውን ሰው ጠይቁት፤ ያውቀዋል፣ ይነግራችኋልም።